«ቅድሚያ የኔ ነው» እዚህ አይሠራም፦ ስለ ስኮትላንድ ጠባብ መንገዶች የሚነገሩ ስህተቶች

የትምህርት ቤት እረፍት ሲመጣ ከለንደንም ከግላስጎውም ሰባት ሰው የሚይዝ መኪና ተከራይቶ ወደ ስኮትላንድ ሀይላንድስ የሚወጣ አበሻ አይጠፋም። አንዳንዱ ስካይ ደሴትን ሊያይ ነው። አንዳንዱ ደግሞ ኖርዝ ኮስት 500 የሚባለውን፣ ከኢንቨርነስ ተነስቶ ሰሜኑን ዞሮ እዚያው የሚመለሰውን የ516 ማይል ጉዞ ሊሞክር ነው። መንገዱ በዚህ ስም መጠራት የጀመረው በ2015 ነው (እዚህ ያሉት ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)፤ ከዚያ ወዲህ እንግዳ በዝቶበታል። ምግቡ ከኋላ ተጭኗል፣ ሙዚቃው ተከፍቷል፣ ሁሉም ሰላም ነው። አስፓልቱ በድንገት ጠቦ የመሐሉ መስመር እስኪጠፋ ድረስ።

ባለ አንድ መስመር መንገድ የሚባለው አንድ መኪና ብቻ የሚያሳልፍ፣ ግን ከሁለቱም አቅጣጫ መኪና የሚመጣበት መንገድ ነው። ስፋቱ ብዙ ጊዜ ከ3 ሜትር ብዙም ፈቅ አይልም። በየተወሰነ ርቀት ጎኑ ሰፋ ይልና «ፓሲንግ ፕሌስ» የሚል ምልክት ይቆማል። እኔ መተላለፊያ እለዋለሁ። ደንቡ ሀይዌይ ኮድ በሚባለው የመንገድ መመሪያ ቁጥር 155 እና 156 ላይ አለ፣ ተነቦ ለማለቅ ሁለት ደቂቃ አይፈጅም። ብዙ ሰው ግን እሱን ትቶ በወሬ ነው የሚነዳው። ወሬውን አንድ በአንድ እንየው።

«መተላለፊያው በቀኝ በኩል ከሆነ ወደ ቀኝ ገብቼ ልጠብቅ»

ይሄን ያስቀደምኩት እኛን በተለይ ስለሚመለከት ነው። አብዛኞቻችን መንዳት የለመድነው በቀኝ ነው። አዲስ አበባ ወይም ዱባይ ለዓመታት የነዳ ሰው ሲደነግጥ እጁ መሪውን የሚያዞረው ወደ ቀኝ ነው። ብሪታንያ ውስጥ ደግሞ የሚነዳው በግራ ነው፤ መስመር የሌለው ጠባብ መንገድ ላይ ይህንን የሚያስታውሳችሁ ምንም ነገር የለም።

ደንቡ እንዲህ ነው። መተላለፊያው በግራችሁ ከሆነ ትገባላችሁ። በቀኛችሁ ከሆነ አትገቡም፤ ትይዩው ላይ፣ መንገዱ ላይ ግራችሁን ይዛችሁ ትቆማላችሁ። ከፊት የሚመጣው ሰው ነው በሰፋው በኩል ዞሮ የሚያልፋችሁ። ለምን? ለእናንተ ቀኝ የሆነው ለሱ ግራ ነዋ! እሱ ደንቡን ያውቃል፣ ወደዚያው ክፍተት እየመጣ ነው። እናንተም ወደዚያው ከገባችሁ ፊት ለፊት ትገጣጠማላችሁ። በቀኝ የገባ ሰው ደግሞ ሌላውን ያደናግራል፣ ማታ ከሆነ የባሰ፤ የመኪና መብራት ባልተጠበቀበት በኩል ሲመጣ ሰው የቱ ጋ መሄድ እንዳለበት አያውቅም።

«ወሰኑ 60 ነው፣ ስለዚህ በ60 ይነዳል»

ምልክቱ ነጭ ክብ ነው፣ በላዩ ላይ ሰያፍ ጥቁር መስመር አለው። ትርጉሙ የአገሪቱ መደበኛ የፍጥነት ወሰን ይሠራል ነው። አካፋይ በሌለው መንገድ ላይ ለተራ መኪና ይህ በሰዓት 60 ማይል ነው፣ ወደ 97 ኪሎ ሜትር። ካራቫን ወይም ሌላ ተጎታች ከጎተታችሁ ግን 50 ነው። ምልክቱ ከዚህ በላይ አትሂዱ አለ እንጂ በዚህ ሂዱ አላለም።

ሒሳቡን እንሥራው። ሀይዌይ ኮድ እንደሚለው በ60 ማይል የሚሄድ መኪና፣ ሹፌሩ አይቶ ፍሬን ረግጦ እስኪቆም 73 ሜትር ይፈልጋል። በ40 ማይል 36 ሜትር፣ በ30 ደግሞ 23 ሜትር። ይሄ ደረቅ አስፓልት ላይ ነው። ዝናብ ሲጨመር (ስኮትላንድ ነው፣ ይጨመራል) ፍሬኑ የሚፈልገው ርቀት ቢያንስ በእጥፍ ያድጋል። ሰፊ መንገድ ላይ ከፊታችሁ የሚታየው ርቀት በሙሉ የእናንተ ነው። እዚህ ግን ከፊት የሚመጣውም በዚያችው መስመር ላይ ነው፣ እሱም ለመቆም የራሱን ርቀት ይፈልጋል። ሁለታችሁም በ40 ማይል የምትመጡ ከሆነ 72 ሜትር ሲቀራችሁ ካልተያያችሁ አበቃ። ስለዚህ በሚታያችሁ መንገድ ግማሽ ውስጥ መቆም መቻል አለባችሁ። የሚታየው 40 ሜትር ከሆነ በ20 ሜትር ውስጥ መቆም፣ ያ ማለት ደግሞ ከ30 ማይል በታች።

ኩርባውን ሰው ይፈራዋል፣ ጉብታውን ግን ይንቀዋል። የሀይላንድስ መንገድ ከፍ ዝቅ ይላል፤ ጉብታው ጫፍ ላይ ስትደርሱ ሰማይ ብቻ ነው የሚታያችሁ። እዚያ ላይ 20 ማይልም ሊበዛ ይችላል።

«ዳገት የሚወጣ ሁሌም ቅድሚያ አለው፣ ሕግ ነው»

ግማሽ እውነት። ደንቡ የሚለው በተቻለ መጠን ዳገት ለሚወጣ አሳልፉ ነው። ሀይዌይ ኮድ ውስጥ በአስገዳጅ ቃል የተጻፈው ከጀርባው ሕግ አለው፣ መጣሱ በራሱ ጥፋት ነው። ይሄኛው ምክር ነው። ምክር ስለሆነ ግን እንደፈለጋችሁ ማለት አይደለም። አደጋ ደርሶ ፍርድ ቤት ከቀረባችሁ አለመከተላችሁ ማስረጃ ሆኖ ሊቀርብባችሁ ይችላል፤ የ1988ቱ የመንገድ ትራፊክ ሕግ ይህን ይፈቅዳል።

ምክሩ መሠረት አለው። ሰውና ሻንጣ የሞላ መኪና ዳገት ላይ ቆሞ ሲነሳ ይቸገራል፣ ቁልቁል ወደ ኋላ መመለስ ደግሞ ጭንቅ ነው። ግን የሚወርደው ሰው ከኋላው ያለው መተላለፊያ 200 ሜትር ቢርቅ፣ የሚወጣው ደግሞ አሁን ከመተላለፊያ መውጣቱ ቢሆንስ? የቀረበው ነው የሚመለሰው። አውቶቡስ፣ የጭነት መኪና ወይም ካራቫን የሚጎትት ሰው ከላይ ከመጣባችሁም «እኔ እኮ ዳገት እየወጣሁ ነው» ብላችሁ አትድረቁ፤ እሱ ተመልሶ የትም አይደርስም። እዚህ መንገድ ላይ ሰው መጠየቅ ያለበት መተላለፊያው ለማን ይቀርባል ብሎ ነው። ያንንም ከተፋጠጡ በኋላ ሳይሆን ቀደም ብሎ። መኪና ገና ከሩቅ ሲመጣ ካያችሁና አጠገባችሁ መተላለፊያ ካለ እዚያው ቁሙ፣ የሚቀጥለው ላይ እደርሳለሁ እያላችሁ አትወራረዱ።

ስለ ዳገት ካነሳን አይቀር፣ ወደ አፕልክሮስ መንደር የሚያሻግረው ቢያላህ ና ባ የሚባለው የተራራ መንገድ 626 ሜትር ከፍታ ላይ ይወጣል፣ ዳገቱም እስከ 20 በመቶ ይደርሳል። መግቢያው ላይ ያለው ትልቅ ሰሌዳ ለለማጅ ሹፌሮች፣ በጣም ትልልቅ ለሆኑ ተሽከርካሪዎችና ለካራቫን እንደማይመከር ይናገራል። ሰዉ ሰሌዳውን ፎቶ ያነሳና ይቀጥላል። ሊማሊሞን ወይም ዓባይ በረሃን የነዳ ሰው ኩርባው አያስደነግጠውም፤ የሚያስደነግጠው ስፋቱ ነው። ልባችሁ ካልፈቀደ በሺልዴግ መንደር በኩል ባሕሩን ይዞ የሚዞር መንገድ አለ። እሱም ጠባብ ነው፣ ይረዝማልም፣ ዳገቱ ግን ያን ያህል አይደለም።

«መተላለፊያ ከፊት ለሚመጣ ብቻ ነው»

የአገሬው ሰው በእንግዶች ላይ ከሚያማርርባቸው ነገሮች አንዱ ይሄ ነው። ደንቡ ከኋላ ሊቀድም የሚፈልግ ሰው ካለም ግቡ ይላል። መተላለፊያው በቀኝ ከሆነ ያው እንደ በፊቱ ነው፦ ትይዩው ላይ ትቆማላችሁ፣ እሱ በሰፋው በኩል ይቀድማል።

እናንተ ተራራ እያያችሁ በ25 ማይል ስትዝናኑ ከኋላ ያለው ሰው ሥራ እየሄደ ነው። ነርስ ሊሆን ይችላል፣ ፖስተኛ ሊሆን ይችላል። በገጠሩ ሀይላንድስ ብዙዎቹ የእሳት አደጋ ሠራተኞች ሌላ ሥራ ያላቸው፣ ሲጠሩ በራሳቸው መኪና ወደ ጣቢያው የሚሮጡ ሰዎች ናቸው። ከኋላው ሰልፍ እየተጎተተ አላሳልፍም ያለ ሹፌር ለሌሎች መንገድ ተጠቃሚዎች ባለማሰብ ሊከሰስም ይችላል። ይሄ ጥፋት መንጃ ፈቃድ ላይ ከ3 እስከ 9 የቅጣት ነጥብ ያስመዘግባል። ስለዚህ ስፖኪዮ እያያችሁ ንዱ።

እግረ መንገዴን፣ ሦስትና አራት መኪና ሆናችሁ አብራችሁ ለምትወጡ፦ እባካችሁ እንደ ሠርግ አጀብ ተጣብቃችሁ አትሂዱ። አንድ መተላለፊያ አንድ ወይም ሁለት መኪና ነው የሚይዘው። አራታችሁም ተከታትላችሁ ከመጣችሁ ከፊት የሚመጣው ሰው የሚገባበት ያጣል፣ አራት መኪና ተያይዞ ወደ ኋላ መመለስ ደግሞ ትርዒት ነው። መሐላችሁ ሰፊ ክፍተት ተዉ፣ የምትገናኙበትን ቦታ አስቀድማችሁ ተነጋገሩ። ማንም አይጠፋም።

«ወደ ኋላ የሚመለስ የተሸነፈ ነው»

ማንም ነጥብ እየቆጠረ አይደለም። የኋላ ማርሽ የማስገባት ችሎታ ከሌላችሁ ግን እዚያ መንገድ ላይ መሄድ የለባችሁም፤ ከመውጣታችሁ በፊት ባዶ የመኪና ማቆሚያ ላይ ተለማመዱ። ቀስ ብላችሁ፣ አንገታችሁን አዙራችሁ፤ ካሜራው ያግዛል እንጂ ቦዩን ሁሉ አያሳይም። ሕጉ ከሚያስፈልገው ርቀት በላይ ወደ ኋላ መንዳትን ይከለክላል፣ ስለዚህ ቅርቡ መተላለፊያ ይበቃል። ብዙ ሰው የማያውቀው ነገር ደግሞ አለ፦ ወደ ኋላ ስትነዱ ዞሮ ለማየት የደህንነት ቀበቶ ብትፈቱ ሕጉ ይፈቅዳል። ወደፊት ስትሄዱ መልሳችሁ ማሰር ነው።

ያሳለፋችሁን ሰው እጅ አንስቶ ማመስገን ደንብ አይደለም፣ ልማድ ነው። አንዳንዱ የገጠር ሹፌር ከመሪው ላይ አንዲት ጣት ብቻ ነው የሚያነሳው። ንቀት እንዳይመስላችሁ፣ ሙሉ ሰላምታ ነው።

«ለፎቶ ሁለት ደቂቃ ብቆም ምን አለበት?»

ቁጥር 156 አጭር ነው፦ መተላለፊያ ላይ መኪና አታቁሙ። ለፎቶም፣ ለቡናም፣ ድንኳን ተክሎ ለማደርም። አንዱ መተላለፊያ ከተያዘ ሁለት መኪናዎች የሚገናኙት መውጫ የሌለው ቦታ ላይ ነው።

«ቦታ ከጠፋ ጎማዬን ሣሩ ላይ ላውጣ»

ሣሩ ከሥሩ አፈር ያለው ይመስላል። ብዙ ቦታ ውኃ የጠጣ ረግረግ ነው፣ ወይም ሣር የሸፈነው ቦይ። ጎማው ሲገባ መኪናው በሆዱ ይቀመጣል፣ የጎታች መኪና ለመምጣት ሰዓታት ሊፈጅ ይችላል፣ ስልክም ብዙ ቦታ አይሠራም።

«መብራት ካበለጨለጨልኝ ና ማለቱ ነው»

ብዙ ጊዜ አዎ። ግን በሀይዌይ ኮድ መብራት ማብለጭለጭ ትርጉሙ «እዚህ አለሁ» ብቻ ነው፤ ግብዣ ነው ብላችሁ አትቁጠሩ ይላል። መኪናው በትክክል መቆሙን አይታችሁ እለፉ። ክላክስም እንደዚያው፦ የማይታይ ኩርባ ላይ መኖራችሁን ለማሳወቅ ይፈቀዳል፣ ቆማችሁ «ተመለስ እንጂ!» ለማለት አይፈቀድም።

«ብስክሌተኛው ጠጋ ይበልልኝ»

አይገደድም። እስከ 30 ማይል ስትነዱ ለብስክሌተኛ ቢያንስ 1.5 ሜትር መተው አለባችሁ፣ ፍጥነታችሁ ከጨመረ ከዚያ በላይ። ፈረስ ላይ ለተቀመጠ ሰው ቢያንስ 2 ሜትር፣ ያውም ከ10 ማይል በታች። 3 ሜትር መንገድ ላይ ይህ አይሳካም፣ ስለዚህ መተላለፊያ እስኪመጣ ከኋላ በትዕግሥት መከተል ነው።

«በግ ብገጭ የበጉ ባለቤት ችግር ነው»

በጎቹ አጥር የላቸውም፣ አስፓልቱ ላይ ይተኛሉ። በተለይ በጸደይ ግልገሏ በአንዱ ጎን፣ እናቷ በሌላው ጎን ካሉ አትጠራጠሩ፣ ግልገሏ እናንተ ስትደርሱ ነው የምትሻገረው።

ከገጫችሁ ሕጉ ግልጽ ነው። ፈረስ፣ ከብት፣ አህያ፣ በቅሎ፣ በግ፣ አሳማ፣ ፍየል ወይም ውሻ ከተጎዳ መቆም ግዴታ ነው። ለሚመለከተው ሰው ስምና አድራሻችሁን ትሰጣላችሁ። እዚያ ሰው ከሌለ በተቻለ ፍጥነት፣ ቢበዛ በ24 ሰዓት ውስጥ ለፖሊስ ታሳውቃላችሁ። አጋዘን ዝርዝሩ ውስጥ የለም፣ ድመትም የለችም። አጋዘን መንገድ ላይ ከወደቀ ግን ሌላ ሰው ላዩ ላይ እንዳይመጣ ለፖሊስ መደወል ይሻላል። ማታና ንጋት ላይ ይበዛሉ። አንዱ ከተሻገረ ሁለተኛውን ጠብቁ።

«እንግሊዝ ያለው ሕግ እዚህም ያው ነው»

ባብዛኛው አዎ፣ በመጠጥ ግን አይደለም። እንግሊዝ ውስጥ ወሰኑ በ100 ሚሊ ሊትር ደም 80 ሚሊ ግራም አልኮል ነው። ስኮትላንድ ከታኅሣሥ 2014 ጀምሮ ወደ 50 አውርዳዋለች። ለንደን ላይ «አንድ ቢራ ምን አላት» የምትሉ እዚያ አትሞክሯት። ማታ ጠጥታችሁ ጠዋት ለመንዳት የምትነሱም አስቡበት።

ሌላው የመንጃ ፈቃድ ነገር ነው። የኢትዮጵያ መንጃ ፈቃድ ብሪታንያ ነዋሪ ከሆናችሁበት ቀን ጀምሮ 12 ወር ብቻ ያስነዳል። ኢትዮጵያ ያለ ፈተና ከሚቀየርላቸው አገሮች ዝርዝር ውስጥ የለችም፣ ስለዚህ ዓመቱ ሳያልቅ የጽሑፉንም የመንዳቱንም ፈተና ማለፍ ያስፈልጋል። ዓመቱ ካለፈ በኋላ በዚያ ፈቃድ የሚነዳ ሰው ኢንሹራንሱም ሊከለከል ይችላል። ለጉዞው ከመመዝገባችሁ በፊት መሪውን የሚይዙት ሰዎች ሁሉ ፈቃዳቸው እስከ መቼ እንደሚሠራ ጠይቁ።