ስለ ድሜጥሮስና ስለ ባሕረ ሐሳብ በተለምዶ የምንሳሳታቸው ነገሮች

የዘመን መለወጫ ዕለት ቤተ ክርስቲያን የሄደ ሰው ይህን ሰምቷል። “ወንበር ይህን ያህል፣ አበቅቴ ይህን ያህል፣ መጥቅዕ ይህን ያህል” እየተባለ የዓመቱ አጽዋማትና በዓላት ይታወጃሉ። ስሌቱ ባሕረ ሐሳብ ይባላል፤ ስሙም ከቅዱስ ድሜጥሮስ ጋር ይነሣል። ስለ ሁለቱም የሚወራው ስሕተት ብዙ ነው። እኔን የሚቆጨኝ፣ እውነተኛው ታሪክ ከሚወራው ይልቅ የሚያምር መሆኑ ነው።

“ድሜጥሮስ ኢትዮጵያዊ ሊቅ ነው።”

ግብፃዊ ነው። 12ኛው የእስክንድርያ ፓትርያርክ ሲሆን፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ከ189 እስከ 232 ገደማ በመንበሩ ተቀምጧል። ትውፊቱ የወይን አትክልተኛ ነበር ይላል። ያለ ወቅቱ ያፈራ የወይን ዘለላ ይዞ ሊሞት ወደተቃረበው ፓትርያርክ ዩልያኖስ ሄደ፤ እሱንም ተካ። ኋላ ታዋቂ የሃይማኖት ሊቅ የሆነውን፣ ያኔ ገና የ18 ዓመት ወጣት የነበረውን ኦሪጀንን የእስክንድርያ ትምህርት ቤት ኃላፊ ያደረገውም እሱ ነው።

“ስሌቱን ብቻውን ፈለሰፈው።”

ባለ 30 ቀን 12 ወርና ጳጉሜን የጥንት ግብፃውያን ሥራ ናቸው። በየ4 ዓመቱ የምትመጣው 6ኛዋ የጳጉሜን ቀን የተጨመረችው በአውግስጦስ ቄሣር ዘመን ነው። 19 የፀሐይ ዓመት ከ235 የጨረቃ ወር ጋር እንደሚገጥም ባቢሎናውያን ያውቁ ነበር። በአቴንስም የሥነ ፈለክ ሊቁ ሜቶን ከክርስቶስ ልደት በፊት በ432 ይህንኑ አቅርቧል። የእስክንድርያው መነኩሴ አንያኖስ ደግሞ በ5ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ 19ን በ28 አባዝቶ የ532 ዓመት ዐውድ (ተመልሶ የሚዞር ዙር) ሠራ። ቤተ ክርስቲያን ድሜጥሮስን የምታስበው ጾሙ ሰኞ እንዲገባ፣ ትንሣኤ ከእሑድ እንዳይወጣ ሥርዓት ያበጀ አባት አድርጋ ነው።

“11 እና 19 የሱባዔ ቁጥር ብቻ ናቸው።”

ድሜጥሮስ በሌሊት 23፣ በቀን 7 ሱባዔ ገባ ይባላል። አንድ ሱባዔ 7 ነውና 23 በ7 ሲባዛ 161 ነው፤ በ30 ሲገደፍ (ሲካፈልና ቀሪው ሲያዝ) 11 ይተርፋል፤ ይህ አበቅቴ ነው። 7 በ7 ሲባዛ 49፤ 30 ሲነሣለት 19፤ ይህ መጥቅዕ ነው። አሁን ወደ ሰማይ እንይ። የፀሐይ ዓመት 365 ቀን፣ የጨረቃ ዓመት 354 ቀን ነው። ልዩነቱ 11፤ አበቅቴው። ከ30 ላይ 11 ሲቀነስ 19፤ መጥቅዑ። ትውፊቱና ሰማዩ አንድ ቦታ ይገናኛሉ። እኔ ይህን ባየሁ ቁጥር ደስ ይለኛል።

“ከዓለም 7 ወይም 8 ዓመት ወደ ኋላ ቀርተናል።”

የቀረ ነገር የለም፤ መነሻው ነው የተለያየው። እኛ የያዝነው የክርስቶስን ልደት በ5500 ዓመተ ዓለም (ከዓለም ፍጥረት ጀምሮ በሚቆጠር) ላይ የሚያሳርፈውን የአንያኖስን ስሌት ነው። አውሮፓውያን ዲዮናስዮስ የተባለ መነኩሴ በ525 ያወጣውን ያዙ።

“መስከረም 1 ምንጊዜም ሴፕቴምበር 11 ነው።”

ጳጉሜን 6 ስትሆን ወደ 12 ይዞራል። 2016 የገባው በ12 ነበር።

“ከሊቃውንት በቀር ማንም አይችለውም።”

መደመርና ማካፈል የቻለ ይችለዋል። 2018ን እንሥራ። ዓመተ ዓለሙን ለማግኘት 5500 ሲደመር 7518። በ19 ሲካፈል 13 ይተርፋል። 1 ሲቀነስ ወንበር (በ19 ዓመቱ ዑደት ያለፉት ዓመታት ቁጥር) 12። በ19 አባዝተን በ30 ስንገድፍ መጥቅዕ 18። መጥቅዕ ከ14 ከበለጠ በመስከረም፣ ካነሰ በጥቅምት ይውላል። መስከረም 18 እሑድ ነው፤ የእሑድ ተውሳክ (ለዕለቱ የሚጨመር ቁጥር) 7። ድምሩ 25፤ የነነዌ ጾም ጥር 25 ገባ። የትንሣኤ ተውሳክ 9 ሲጨመር 34፣ 30 ሲነሣ 4። ፋሲካ ሚያዝያ 4።

2019ን ራሳችሁ ሞክሩት። መጥቅዑ ጥቅምት 7፣ ቀኑ ቅዳሜ፣ የቅዳሜ ተውሳክ 8 ነው። መልሳችሁ ሚያዝያ 24 ከሆነ በትክክል ሠርታችኋል።