ወንበር መዘርጋት፦ ተሰዶ የተማረ ሊቅ በጎጃም ጉባኤ የሚተክልበት ሥርዓት

ወንበር መዘርጋት በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን የአብነት ትምህርት ውስጥ፣ አንድ ተማሪ ትምህርቱን ፈጽሞ በመምህሩ ከተመሰከረለት በኋላ ራሱን ችሎ ማስተማር መጀመሩን የሚገልጽ አነጋገር ነው። ጉባኤ መትከል ወይም ጉባኤ መዘርጋትም ይባላል። በጎጃም ይህን የሚያደርገው ሰው አብዛኛውን ጊዜ በልጅነቱ ከወላጆቹ ቤት ወጥቶ፣ በማያውቀው አገር ለምኖ እየበላ ብዙ ዓመት ሲማር የኖረ ነው። ዛሬ አንድ ምሁር ከውጭ አገር ተመልሶ በተወለደበት አካባቢ ዩኒቨርሲቲ ልክፈት ሲል ሐሳቡ እንደ አዲስ ነገር ይወራለታል። ተሰዶ የተማረ ሰው ተመልሶ ትምህርት ቤት መክፈቱ ግን በጎጃም ከማንኛውም ዩኒቨርሲቲ የቀደመ ልማድ ነው፤ አዲሱ ነገር ተቋሙ ከመሥራቹ ዕድሜ በላይ እንዲኖር መጠበቁ ነው።

ተማሪው የሚሰደደው ለጀብድ ብሎ አይደለም፤ የአብነት ትምህርት በአንድ ቦታ ስለማያልቅ ነው። ፊደልና ንባብ፣ ዳዊት መድገምም ጭምር፣ በአጥቢያው ካህን ዘንድ ይጠናቀቃል። ከዚያ በኋላ ያለው ግን በየአገሩ ተከፋፍሎ የተቀመጠ ነው። የዜማ መጽሐፍ የሆነውን ድጓ ለማስመስከር ወደ ጋይንት ቤተ ልሔም፣ የቁርባንና የሙታን ጸሎት ዜማ የሆነውን ዝማሬ መዋሥዕት ለመማር እዚያው ጋይንት ወደሚገኘው ዙር አባ፣ በከበሮ፣ በጸናጽልና በመቋሚያ የሚዘመርበትን አቋቋም ለመቆም ወደ ጎንደር፣ ቅዳሴ ለማደላደል ወደ ትግራይ ደብረ ዓባይ ወይም ወደ ወሎ ሰለልኩላ መሄድ ያስፈልጋል። ጎጃም በበኩሉ የቅኔ አገር ነው። ዋሸራና ጎንጅ ከወሎው ዋድላ ጋር የቅኔ ቤቶች ተብለው በስም የሚጠሩ ሲሆን፣ ዲማ ጊዮርጊስ፣ ደብረ ኤልያስ፣ ደብረ ወርቅና መርጡለ ማርያምም በትምህርት ስማቸው የታወቀ ነው። ስለዚህ የጎንደሩና የወሎው ልጅ ለቅኔ ወደ ጎጃም ሲወርድ፣ የጎጃሙ ልጅ ደግሞ ለዜማና ለአቋቋም ዓባይን ይሻገራል። የተሟላ ሊቅ መሆን የሚፈልግ ማንም ሰው የሌላ አገር ተማሪ ሳይሆን አይቀርም።

መሻገሩ ራሱ ቀላል አልነበረም። ከሞጣ በኩል ወደ በጌምድር የሚወስደው ሰባራ ድልድይ በዐፄ ፋሲለደስ ዘመን እንደተሠራ ይነገርለታል፤ ስሙን ያገኘው ግን ከተሰበረ በኋላ ነው። ወንዙ ሲሞላ መንገዱ ስለሚዘጋ፣ ተማሪ ክረምቱ እስኪወጣ ካለበት ሆኖ መጠበቁ የተለመደ ነበር። ብዙዎቹ ልጆች ከቤት የሚወጡት ተደብቀው ነው፤ አባት ለከብት ጥበቃና ለእርሻ የሚፈልገውን ልጅ መርቆ የሚሰድበት ጊዜ ብዙ ስላልነበረ፣ ልጁ ማለዳ ከከብቱ ጋር ይወጣና ከብቱ ብቻውን ይመለሳል።

ከወጣ በኋላ ሀብቱ ደበሎና አኮፋዳ ነው። ደበሎ በቀን የሚለብሰው፣ ሌሊት የሚያነጥፈውና የሚደርበው የበግ ቆዳ ሲሆን፣ አኮፋዳ ደግሞ ያገኘውን ቁራሽ የሚይዝበት ስፌት ነው። ዱላም ይይዛል፤ ለውሻ ነው። በየደጃፉ እየቆመ «በእንተ ስማ ለማርያም» ይላል፤ ትርጉሙ ስለ ማርያም ስም ማለት ነው፤ የአገሩ ሰውም እንደ ችሮታ ብቻ ሳይሆን እንደ ድርሻው ቆጥሮ እንጀራ ወይም ቆሎ ይሰጠዋል። «የቆሎ ተማሪ» የሚለው ስም የመጣው ከዚህ ኑሮ ነው። የሚያድረው ከጓደኞቹ ጋር ሆኖ በቤተ ክርስቲያኑ አካባቢ በቀለሰው ጎጆ ውስጥ ነው። ትምህርት እንዲገባኝ ብሎ አብሾ የጠጣም አለ፤ አብሾ መርዛማ ተክል በመሆኑ አእምሮውን የሳተ ተማሪ ታሪክ በየጉባኤው ይወራል። የዛሬ ሰው ይህን ሁሉ ሲሰማ ድህነት ብቻ ይታየው ይሆናል፤ ነገር ግን ልመናው ከሥርዓቱ የወጣ ችግር ሳይሆን የሥርዓቱ አካል ነበር። የባላባት ልጅም ቢሆን አኮፋዳ አንጠልጥሎ ይለምናል፤ የመምህሩ ደመወዝና የተማሪው ቀለብ በአንድ ሹም እጅ ስላልነበረም ጉባኤው በአንድ ሹም ቁጣ አይበተንም ነበር።

የቅኔው ትምህርት በጉባኤ ቃና ይጀምራል። ጉባኤ ቃና ሁለት ቤት፣ ማለትም ሁለት ስንኝ፣ ብቻ ያላት አጭር ቅኔ ናት። ተማሪው ከእሷ ተነሥቶ ዘአምላኪየን፣ ሚበዝኁን፣ ዋዜማን፣ ሥላሴንና ዘይእዜን የተባሉትን የቅኔ ዓይነቶች እያለ ስምንት ቤት ወዳለው መወድስ ይወጣል፤ ጎን ለጎንም የግእዙን ግስ፣ እርባታና አገባብ ያጠናል። ቀን ቀን ከሰው ተለይቶ፣ ዛፍ ሥር ወይም ወንዝ ዳር ተቀምጦ ቅኔ ይቆጥራል፣ ማለትም ይደርሳል፤ ያሰበውንም ለመምህሩ ወይም ለአስነጋሪው ይነግራል። አስነጋሪ ማለት ከተማሪዎቹ መካከል የበሰለው፣ ጀማሪዎቹን የሚያርመው ነው። ቤቱ ከተዛባ፣ ሰሙ ከወርቁ ካልገጠመ፣ ወይም ምስጢሩ ከመጽሐፍ ከወጣ ቅኔው ይወድቅበታል፤ ተመልሶ ይቆጥራል። ተመዝኖ ያለፈ ቅኔም ቢሆን በቤተ መቅደስ አንድ ጊዜ ከተባለ በኋላ አይደገምም፤ ለነገው በዓል አዲስ መቁጠር ግድ ነው። የሌላውን ቅኔ የራስ አስመስሎ ማቅረብ ነውሩ ከባድ በመሆኑ፣ ዛሬ ዩኒቨርሲቲዎች ስለ ጽሑፍ ስርቆት ደንብ አውጥተው የሚታገሉለትን ነገር የቅኔ ቤት ተማሪ ያለ ደንብ ያውቀዋል።

መምህሩ ተማሪው እንደበቃ ሲያይ ይመሰክርለታል፤ ይመርቀዋል። ምስክርነቱ በመሠረቱ በቃል ያለ ነው፤ ክብደቱም የሚለካው በመስካሪው ስም ነው። ተመርቆ የሄደውን ሰው አዲስ አገር ላይ የሚያገኙት ካህናት ቀድመው የሚጠይቁት የማን ተማሪ እንደሆነ ነው። የመምህሩ መምህር ማን እንደነበረም ይጠየቃል፤ ሰንሰለቱ ወደ ኋላ እየተሳበ ከዋሸራ ወይም ከጎንጅ ካልደረሰ በቅኔ ረገድ ጥርጣሬ ይነሣል። ጉባኤውም የሚታወቀው በመምህሩ ስም፣ የየኔታ እገሌ ጉባኤ ተብሎ ነው።

ተመልሶ ወንበር የሚዘረጋው ሰው ከሁሉ በፊት ደብር ያስፈልገዋል። አለቃውና ካህናቱ ፈቅደው ሲቀበሉት፣ የአጥቢያው ሕዝብም ተማሪ ለመመገብ ሲስማማ፣ በቤተ ክርስቲያኑ አጠገብ ጎጆ ይቀለሳል፤ ጉባኤው ተተከለ የሚባለው ያን ጊዜ ነው። ወሬው ከደረሰ ተማሪ በራሱ እግር ይመጣል፤ የመመዝገቢያም የመክፈያም ነገር የለም። እስከ 1967 ዓ.ም. ድረስ መምህሩ የሚኖረው ደብሩ ከሚሰጠው መሬት በሚያገኘው ነበር፤ ብዙው መምህር ግን ራሱ አርሶ ያበላል፤ ተማሪዎቹም በአጨዳና በውቂያ ጊዜ ያግዙታል። ይህ ሁሉ ተሟልቶም የትውልድ መንደር ሁልጊዜ ቀና አይሆንም። ከብት ሲጠብቅ የሚያውቁትን ልጅ «የኔታ» ብሎ መጥራት ለጎረቤት ይከብዳል፤ ነቢይ በአገሩ አይከበርም የሚለው የወንጌል ቃል በዚህ ጉዳይ ላይ አዘውትሮ ይጠቀሳል። ለዚህም ነው ብዙ ሊቃውንት ከተወለዱበት አጥቢያ አንድ ወይም ሁለት ቀን መንገድ ርቀው፣ ግን ከጎጃም ሳይወጡ፣ ጉባኤ ሲተክሉ የሚገኙት።

ሳይሰደዱ ወንበር የያዙም አሉ። ከሁሉ ይበልጥ የሚጠቀሱት በጎጃም የጽላሎዋ እማሆይ ገላነሽ ሐዲስ ናቸው። ዓይነ ስውር ነበሩ፤ ሴትም በመሆናቸው ደበሎ ለብሶ አገር ለአገር የሚዞር ተማሪ መሆን አልቻሉም። ቅኔን የተማሩት ከአባታቸው ከቅኔ መምህሩ ነው፤ በኋላም ራሳቸው ወንዶቹን ተማሪዎች በቅኔ ያስተማሩ ሊቅ ሆኑ። የእሳቸው ነገር እንደ ልዩ ክስተት ብቻ ሲወራ ይሰማል። በእኔ ግምት ግን ታሪካቸው ስደቱ ስንት ሴቶችን ከትምህርቱ ደጅ እንዳስቀረ ጭምር ያሳያል።

የሥርዓቱ ደካማ ጎን መምህሩ ሲያርፍ ይታያል። አስነጋሪው ወይም ከቀድሞ ደቀ መዛሙርት አንዱ ወንበሩን ከወረሰ ጉባኤው ይቀጥላል፤ ካልሆነ ተማሪዎቹ ደበሏቸውን ጠቅልለው ወደ ሌላ መምህር ይሄዳሉ፤ ጎጆዎቹም ይፈርሳሉ። ይህ «ጉባኤው ታጠፈ» ይባላል። ከ1967 ዓ.ም. ወዲህ ደግሞ ሌላ ፈተና መጣ። በዚያ ዓመት የካቲት 25 ቀን የታወጀው የገጠር መሬት አዋጅ የቤተ ክርስቲያንን ይዞታ ጨምሮ መሬቱን የሕዝብ ሲያደርገው፣ ደብሮች መምህር የሚያኖሩበት መሬት ከእጃቸው ወጣ። ጭሰኛው የሚያርሰውን መሬት ያገኘበት አዋጅ ጉባኤውን ከመደገፊያው ስለለየው፣ በገጠር ያሉ ሰዎች ይህን ዘመን ሲያነሱ ደስታውንም ሐዘኑንም በአንድ ላይ ያወራሉ።

በዘመናዊው ትምህርት በኩል የጎጃም ከፍተኛ ተቋማት የተመሠረቱት በመንግሥት ውሳኔና በውጭ ስምምነት እንጂ በአንድ ሊቅ መመለስ አይደለም። የባሕር ዳር ፖሊቴክኒክ ኢንስቲትዩት በ1955 ዓ.ም. የተከፈተው ከሶቪየት ኅብረት ጋር በተደረገ ትብብር ነው። የፔዳጎጂ አካዳሚ በ1965 ዓ.ም. ሥራ ሲጀምር የኢትዮጵያ መንግሥት ከዩኔስኮና ከተባበሩት መንግሥታት የልማት ፕሮግራም ጋር ተባብሮ ነበር። ሁለቱ ተዋሕደው በ1992 ዓ.ም. የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ሆኑ። ደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲ በ1999 ዓ.ም. ማስተማር ጀመረ፤ የእንጅባራው ደግሞ በ2010 ዓ.ም. ተከተለ። በባሕር ዳር ግቢዎቹ ዛሬም «ፖሊ» እና «ፔዳ» ይባላሉ፤ ተመራቂው «ፔዳ ነው የተማርኩት» ይላል እንጂ የማን ተማሪ እንደነበረ አይናገርም።

በመካከሉ ግን ሌላ ስደት ተጀምሯል። ከ1966 ዓ.ም. አብዮት በኋላ ለትምህርት የወጡ ብዙ ኢትዮጵያውያን በአሜሪካና በአውሮፓ ቀርተው የዩኒቨርሲቲ መምህራን ሆነዋል፤ ከጎጃም የወጡም አሉበት። ከመካከላቸው የሌላ አገር ዜግነት የያዘ ሰው በ1994 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 270 መሠረት በተለምዶ ቢጫ ካርድ የሚባለውን መታወቂያ አውጥቶ፣ ያለ ቪዛ መግባት፣ መሥራትና ገንዘቡን ሥራ ላይ ማዋል ይችላል፤ መምረጥና መመረጥ ግን አይፈቀድለትም። ዩኒቨርሲቲ እከፍታለሁ ካለ ደግሞ በ2011 ዓ.ም. የወጣው የከፍተኛ ትምህርት አዋጅ ቁጥር 1152 ይገዛዋል፤ ለሚያስተምርበት መስክ ከትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣን ፈቃድ ማግኘት፣ ስሙም ኮሌጅ ይሁን ዩኒቨርሲቲ በደረጃ መስፈርት መለካት አለበት። ስለዚህ ብዙው ተመላሽ የራሱን ግቢ ከመሥራት ይልቅ በበጋ ዕረፍቱ መጥቶ በመንግሥት ዩኒቨርሲቲ አንድ ኮርስ ማስተማርን ወይም የዶክትሬት ተማሪ ማማከርን ይመርጣል።

ሁለቱን ተመላሾች ለማነጻጸር የሚፈልግ ሰው የሚከፍቱት ነገር ከምን እንደሚጀምር ቢመለከት ይበቃዋል። ፕሮፌሰሩ ቦታ ተረክቦ፣ ሕንፃ ሠርቶ፣ መምህራን ቀጥሮ፣ ፈቃድ አውጥቶ ተማሪ ይጠራል፤ የኔታ ግን መጀመሪያ የሚያገኙት ተማሪውን ነው። አንድ ሁለት ልጆች ከቀድሞው ጉባኤ ተከትለዋቸው ይመጣሉ፤ ጎጆውን የሚቀልሱትም እነሱ ናቸው።