በወሰን ክርክር የእግድ ትዕዛዝ መጣስና ችሎት መድፈር

በገጠር ወሰን የሚገፋው ቀስ እየተባለ ነው። በየእርሻው አንድ ፈር ይጨመራል፣ የወሰን ድንጋዩም ከማረሻው ጋር እየተንከባለለ ወደ ጎረቤት ይጠጋል። 80 ሜትር በሚረዝም ጎን ግማሽ ሜትር ቢገፋ 40 ካሬ ሜትር መሬት ሄደ ማለት ነው። ተገፊው ይከሳል፣ ፍርድ ቤቱ እግድ፣ ማለትም መሬቱ እንዳይነካ የሚከለክል ትዕዛዝ ይሰጣል፣ ተከሳሹ ደግሞ እግዱ እያለ በሬዎቹን ጠምዶ ይገባል። «ችሎት ደፍሯልና (የፍርድ ቤቱን ክብርና ትዕዛዝ ንቋልና) ይቀጣልኝ» የሚለው አቤቱታ የሚመጣው ከዚህ በኋላ ነው።

በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሠረት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ስለሆነ ባለመሬቱ የሚከራከረው በይዞታው ነው። የተለመደው ክስ «ሁከት ይወገድልኝ»፣ ማለትም በይዞታዬ የገባብኝ ሰው ይውጣልኝ የሚል ሲሆን መሠረቱ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1149 ነው፤ ሁከቱ ከተፈጠረ 2 ዓመት ካለፈ በኋላ የሚቀርብ ክስ ተቀባይነት የለውም። ክሱ እስኪወሰን መሬቱ ባለበት እንዲቆይ ከሳሽ በ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 154 መሠረት እግድ ይጠይቃል።

ቅጣቱን በተመለከተ የሚጠቀሰው የ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 449 ነው። በችሎት ሂደት ላይ ፍርድ ቤቱን ወይም ዳኛውን የሰደበ፣ ያፌዘ፣ ያስፈራራ ወይም በሌላ መንገድ ሥራውን ያወከ ሰው እስከ 1 ዓመት በሚደርስ ቀላል እስራት ወይም እስከ 3,000 ብር በሚደርስ መቀጮ ይቀጣል። ድንጋጌው በዋናነት የሚያስበው ችሎት ፊት የሚፈጸመውን ድፍረት ነው። ከችሎቱ ርቆ ማሳ ላይ የተፈጸመ የእግድ ጥሰት በዚህ ሥር መውደቁ ያከራክራል። ስለዚህ አቤት ባዩ ቅጣቱን ብቻ ጠይቆ መቆም የለበትም፤ መሬቱ ወደ ነበረበት እንዲመለስ፣ የተዘራው እህል በገለልተኛ ሰው አደራ እንዲቀመጥ፣ ፖሊስና ቀበሌ ትዕዛዙን እንዲያስከብሩ አብሮ ይጠይቅ።

አብዛኛው አቤቱታ የሚወድቀው ግን በአንቀጹ ምክንያት አይደለም። የሚወድቀው እግዱ ሲጻፍ ነው። «ተከሳሽ የከሳሽን ድንበር እንዳያልፍ» የሚል ትዕዛዝ ከንቱ ነው፤ ክርክሩ ራሱ ድንበሩ የት ነው የሚል ስለሆነ ተከሳሹ «ያረስኩት የራሴን ነው» ብሎ ይወጣል። የሚጸና ትዕዛዝ እንዲህ ይነበባል፦ «ከዋርካው ሥር ካለው የወሰን ድንጋይ አንሥቶ እስከ ቦዩ መታጠፊያ በተዘረጋው መስመር በስተምሥራቅ፣ 80 ሜትር ርዝመትና 2 ሜትር ስፋት ባለው ቁራሽ መሬት ላይ ማንኛውም ወገን እንዳያርስ፣ እንዳይዘራ፣ ዛፍ እንዳይተክል፣ ድንጋይ እንዳያነሣ»። ሁለቱንም ወገን ከከለከለ ዳኛው ማን ባለመብት እንደሆነ ሳይወስን ጥሰቱን ብቻ መርምሮ መወሰን ይችላል። ትዕዛዙ ተከሳሹን ብቻ ሳይሆን ወኪሉን፣ ሠራተኛውንና መሬቱን በእኩል የሚያርስለትን ሰው ካልጨመረ ደግሞ ሞፈሩን የሚይዘው እኩል አራሹ ይሆናል፤ ክርክሩም እንደገና ከዜሮ ይጀምራል።

ልኬት ላይም መጠንቀቅ ያስፈልጋል። በመጀመሪያው ዙር የገጠር መሬት ምዝገባ የተሰጠው የይዞታ ደብተር አዋሳኞችን በአራቱ ማዕዘን በስም ይጠራል እንጂ ካርታ የለውም። በእጅ የሚያዝ ጂፒኤስ ጥቂት ሜትሮች ሊሳሳት ይችላል፤ የሚከራከሩበት ቁራሽ ደግሞ ብዙ ጊዜ ከዚያ ይጠባል። በዚህ ጊዜ ከማይነቃነቅ ምልክት ለምሳሌ ከቤት ማዕዘን፣ ከአሮጌ ዛፍ ወይም ከድልድይ ተነሥቶ በሜትር መለካቱ ይሻላል። ልኬቱ እግዱ ከመሰጠቱ በፊት፣ ሁለቱ ወገኖችና የቀበሌው የመሬት ባለሙያ ባሉበት ተፈርሞ ቢያዝ ነገሩ ግማሽ ያልቃል።

ሌላው የሚያፈርሰው ነገር የትዕዛዙ አደራረስ ነው። እግዱ በችሎት ሲሰጥ ተከሳሹ ካልነበረ ትዕዛዙ እንደደረሰው የሚያሳይ ፊርማ ከመዝገቡ ጋር መያያዝ አለበት። «አልቀበልም» ካለ አድራሹ ይህንኑ በምስክሮች ፊት ጽፎ ይመልሳል። ቅጣቱ የወንጀል ስለሆነ ሰውየው እያወቀ መጣሱ መረጋገጥ አለበት፤ ያልሰማውን ትዕዛዝ ጥሷል ማለት አይቻልም።

አቤቱታው በዚያው በዋናው መዝገብ ላይ፣ በቃለ መሐላ ተደግፎ ይቀርባል። እግዱ የተሰጠበትና የደረሰበት ቀን፣ የተፈጸመው ድርጊት፣ ቀኑና ሰዓቱ፣ ያረሰው ሰው ስም፣ ስንት ሜትር እንደተገፋ፣ ያዩት ምስክሮች በግልጽ ይጻፋሉ። «ደጋግሞ እያወከኝ ነው» የሚል ጥቅል አባባል አይጠቅምም። ፎቶ ከተነሣ የወሰን ድንጋዩና ትኩሱ ፈር በአንድ ምስል ውስጥ ቢታዩ መልካም ነው። የዋናውን ክርክር ማስረጃ እዚህ ማጨቅ ግን ጉዳዩን ያጓትታል።

ተጠሪው፣ ማለትም አቤቱታው የቀረበበት ሰው፣ ተጠርቶ መልስ ይሰጣል፣ ምስክሮች ይሰማሉ፤ ዳኛው ካመነበት ባለሙያ ልኮ ወይም ራሱ ቦታው ድረስ ሄዶ ያያል። ዝናብ ከገባና ማሳው በቡቃያ ከተሸፈነ ፈሩ ይጠፋል፤ ስለዚህ ጥሰቱ በታየ በቀናት ውስጥ ማመልከት ያስፈልጋል። ፍርድ ቤቶች በክረምት ለዕረፍት ሲዘጉም አስቸኳይ አቤቱታ ለተረኛ ችሎት ይቀርባል። ተጠሪው ጥፋቱን አምኖ ድንጋዩን በራሱ እጅ ወደ ቦታው ከመለሰ ዳኞች ቅጣቱን ማቅለላቸው የተለመደ ነው፤ መመለሱ ግን በቀበሌው ባለሙያ ፊት በሜትር ተለክቶ፣ ተጽፎ ከመዝገቡ ጋር ይያያዝ።