የአገርነት ዕውቅና ትንበያ ምንድን ነው?

እሑድ መስከረም 11 ቀን 2018 ዓ.ም. ማታ እንግሊዝ፣ ካናዳ፣ አውስትራሊያና ፖርቱጋል ለፍልስጥኤም የአገርነት ዕውቅና መስጠታቸው ሲነገር፣ ደሴ ፒያሳ ሻይ ቤት አጠገቤ የተቀመጡ አንድ አባት ብርጭቋቸውን አኑረው «ልጄ፣ ቀጥሎስ የማን ተራ ነው?» አሉኝ።

ዕውቅና አንድ መንግሥት ሌላውን እንደ ሉዓላዊ አገር መቀበሉን በይፋ ሲያሳውቅ የሚሰጠው ነው፤ ትንበያው ደግሞ አገርነቷ ለሚያከራክር ምድር ይህን ቃል ማን፣ መቼ እንደሚሰጥ አስቀድሞ መገመት ነው። እ.ኤ.አ. (ከዚህ በኋላ ያሉት ዓመታት ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) የ1933ቱ የሞንቴቪዴዮ ስምምነት አንድ አገር ለመሆን ቋሚ ሕዝብ፣ የታወቀ ግዛት፣ መንግሥትና ከሌሎች ጋር ግንኙነት የመመሥረት ችሎታ ያስፈልጋል ይላል፤ እነዚህን አራቱን ብቻ ቆጥሮ የሚተነብይ ግን ብዙ ጊዜ ይሳሳታል፤ ዕውቅና ሰጪው አስቀድሞ የሚያየው የራሱን ቤት ነውና። ስፔን ኮሶቮ በ2008 ከሰርቢያ ተነጥላ ያወጀችውን ነጻነት እስከ ዛሬ አልተቀበለችም፤ የካታሎኒያና የባስክ የመገንጠል ጥያቄ በራሷ ጓዳ አለባት። ይህችው ስፔን በግንቦት 2024 ለፍልስጥኤም ዕውቅና ሰጥታለች።

በእኔ አስተያየት ከምልክቶች ሁሉ የሚታመነው የቀድሞው ባለይዞታ ፈቃድ ነው። ካርቱም ቀድማ ስለተቀበለቻት ደቡብ ሱዳን በሐምሌ 2011 ነጻነቷን ባወጀች በአምስት ቀን የተባበሩት መንግሥታት አባል ሆናለች፤ የኤርትራም መንገድ በ1993 የተቃናው አዲስ አበባ ስለተስማማች ነበር። ፈቃዱ በሌለበት ቦታ የድምፅ አሰጣጥን መከታተል ያስፈልጋል። በግንቦት 2024 የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ ፍልስጥኤም ለአባልነት ብቁ ናት ብሎ በ143 ድምፅ ሲወስን እንግሊዝና ካናዳ ድምፀ ተዓቅቦ አድርገው ነበር፤ ተዓቅቦ በር ገርበብ አድርጎ መተው ነው፣ ከዓመት ከመንፈቅ በታች በሆነ ጊዜም ሁለቱ ገቡበት።

ለአባትየው «ነገ ፈረንሳይ ናት» አልኳቸው፤ ፓሪስ ከሐምሌ ጀምሮ ስላሳወቀች የሚያስመካ ትንበያ አልነበረም፣ በማግስቱም ሆነ። እርሳቸው ግን ሐሳባቸው ውጫሌ ወዳለበት ወደ አምባሰል ሄዶ ነበር። «የውጫሌው ውል ጊዜስ ማን ተቀበለን?» አሉ። እውነታቸውን ነው፤ ኢጣሊያ በ1889 የውሉን 17ኛ አንቀጽ ጠቅሳ ኢትዮጵያ በጥበቃዬ ሥር ናት ብላ ለአውሮፓ መንግሥታት ስታሳውቅ ሩሲያ እንቢ ብትልም ብዙዎቹ ዝም ብለው ተቀብለው ነበር። ሰባት ዓመት አለፈ፣ ዓድዋ ሆነ፣ በጥቅምት 1896 አዲስ አበባ ላይ በተፈረመው ውል የኢትዮጵያን ሙሉ ነጻነት የተቀበለችው ራሷ ኢጣሊያ ነበረች።