ቅድመ ፊልም ኮሚክ ምንድን ነው?

እ.ኤ.አ. በ2012 የወጣውን የመጀመሪያውን «አቬንጀርስ» ያየ ሰው ኒክ ፊዩሪን አይረሳውም። አንድ ዓይኑን በጥቁር ጨርቅ የሸፈነው፣ ረጅም ካፖርት የሚለብሰው፣ ሺልድ የተባለውን የስለላ ድርጅት የሚመራው ሰውዬ ነው። ጠባያቸው የማይገጥም ስድስት ሰዎችን ሰብስቦ አንድ ቡድን ያደርጋል። ፊልሙ ሲጀምር ግን ፊዩሪ እነማንን እንደሚፈልግ ጠንቅቆ ያውቃል። ማኅደራቸው ከተዘጋጀ ቆይቷል። መቼ አጠናቸው? ማንን ልኮ አስከተላቸው? ፊልሙ 143 ደቂቃ ነው። ዓለምን ማዳንም አለበት። ይህን ሁሉ ወደ ኋላ ተመልሶ ለመተረክ ጊዜ የለውም።

ይህን ክፍተት የሞላው ፊልሙ ሊታይ ጥቂት ወራት ሲቀሩት የወጣ አንድ ኮሚክ፣ ማለትም በተከታታይ ሥዕል የሚተረክ ታሪክ ነው። እንዲህ ያለውን ሥራ ነው እዚህ ቅድመ ፊልም ኮሚክ የምለው። አሳታሚዎቹ «ፕሪሉድ» ወይም «ፕሪኩዌል» ይሉታል። ፊልሙ ከሚጀምርበት ነጥብ በፊት የሆነውን የሚተርክ አጭር ኮሚክ ነው። ብዙ ጊዜ ከ2 እስከ 4 እትም ይሆናል። አንዱ እትም 20 ገጽ ወይም ትንሽ በለጥ ይላል። በአንድ ቁጭታ ያልቃል። (የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ወደ ውስጥ ከመግባታችን በፊት ብዙ ሰው የሚደናገርበትን አንድ ነገር እናጥራ። «አቬንጀርስ መጀመሪያውኑ ከኮሚክ የመጣ ነው። ታዲያ ሌላ ኮሚክ ለምን አስፈለገ?» የሚል ጥያቄ ይነሳል። ጥያቄው ተገቢ ነው። የቡድኑ የመጀመሪያ ኮሚክ በ1963 ወጥቷል። ስታን ሊ ጻፈው፣ ጃክ ከርቢ ሣለው። በዚያ ታሪክ ቡድኑን የሚሰበስበው ፊዩሪ አይደለም። ሎኪ ወንድሙን ቶርን ለማጥመድ በሀልክ ላይ ሸር ይሠራል። ሪክ ጆንስ የተባለ ወጣት ለሌላ የጀግኖች ቡድን የሬድዮ መልእክት ይልካል። ሎኪ መልእክቱን ይጠልፈዋል። ነገሩ ግን ከእጁ ያመልጥና ቶር ብቻ ሳይሆን አይረን ማን፣ አንት ማን እና ዋስፕም ይሰሙታል። የቡድኑን ስም ያወጣችው ዋስፕ ናት። ካፒቴን አሜሪካ ገና የለም። እሱ ከበረዶ ውስጥ የሚወጣው በ4ኛው እትም ነው።

ፊልሙ ይህን ታሪክ አልተከተለም። በ2012ቱ ቡድን ውስጥ አንት ማንም ዋስፕም የሉም። በነሱ ፈንታ ብላክ ዊዶው እና ሆክአይ ገብተዋል። ስለዚህ የ1963ቱን እትም አንብቦ የፊልሙን ቡድን አመጣጥ ማወቅ አይቻልም። ገጸ ባሕርያቱ ስማቸው አንድ ቢሆንም የሚኖሩት በሁለት የተለያዩ ዓለሞች ነው። ቅድመ ፊልም ኮሚክ የሚቆመው ከፊልሙ ዓለም ጋር ነው። ቅርጹ ኮሚክ ይሁን እንጂ ዝምድናው ከፊልሙ ጋር ነው። ይህን የያዘ ሰው ሌላው ሁሉ ይቀልለዋል።

አሁን ወደ ፊዩሪ እንመለስ። ኮሚኩ «ፊዩሪስ ቢግ ዊክ» ይባላል። በአማርኛ «የፊዩሪ ከባድ ሳምንት» ብንለው ያስኬዳል። መጀመሪያ በዲጂታል በ8 ምዕራፍ ወጣ፣ ከዚያ በ4 እትም ታተመ። የተመሠረተበት ሐሳብ ለኔ በጣም የሚወደድ ነው። ከአቬንጀርስ በፊት የወጡትን ፊልሞች አስቡ። የሀልክ ፊልም በ2008 ወጣ። ሁለተኛው አይረን ማን በ2010። ቶር በ2011። እኛ ተመልካቾቹ ሦስት ዓመት ተለያይተው አየናቸው። በታሪኩ ውስጥ ግን የሦስቱም ዋና ዋና ክስተቶች በአንድ ሳምንት ገደማ ውስጥ የተደራረቡ ናቸው! አይረን ማን የሆነው ቶኒ ስታርክ ካሊፎርኒያ ውስጥ ከሞት ጋር ሲታገል፣ የቶር መዶሻ ኒው ሜክሲኮ በረሃ ላይ ወድቋል። በዚያው ሰሞን ሀልክ ዩኒቨርሲቲ ግቢ ውስጥ ከጦር ሠራዊት ጋር ይዋጋል።

ፊልሞቹ ይህን ፍንጭ በፍንጭ ነግረውናል። በሁለተኛው አይረን ማን ውስጥ የሺልድ ወኪል ኮልሰን ወደ ኒው ሜክሲኮ ተመደብኩ ብሎ ስታርክን ይሰናበታል። ለምን እንደሄደ ያኔ አልገባንም። በቶር ላይ ደግሞ አንድ ቀስተኛ ከፍ ብሎ በዝናብ ውስጥ ሲያነጣጥር አየን። ሆክአይ ነበር። «ባርተን» ተብሎ ከመጠራቱ በቀር ብዙም ሳይነገረን አለፈ። ኮሚኩ እነዚህን የተበታተኑ ክሮች ሰብስቦ በአንድ ሰው እጅ ያስይዛቸዋል። ሁሉንም ከፊዩሪ ወንበር ሆነን እናያለን። ያለው የሰው ኃይል ውስን ነው። እሳቱ ደግሞ በሦስት አቅጣጫ ተነስቷል። ማንን ወዴት ይላክ? የቡድኑ ሐሳብ ከዚህ ጭንቀት ነው የሚወለደው። ለኔ የቡድን አመጣጥ ታሪክ ማለት ይህ ነው። ስድስት ሰዎች በአንድ ክፍል መቆማቸው ብቻውን ምንም አይነግረኝም። አንድ ሰው እነሱን ያስፈለገበትን ምክንያት ሳይ ነው ቡድኑን የማምነው።

ሌላም ጥቅም አለው። ካፒቴን አሜሪካ፣ ቶር፣ ሀልክ እና አይረን ማን ከቡድኑ ፊልም በፊት የየራሳቸው ፊልም ነበራቸው። ብላክ ዊዶው እና ሆክአይ አልነበራቸውም። ኮሚኩ ለሁለቱ ሥራ ሰጣቸው።

ከሁሉ የሚገርመኝ ግን የሳሙኤል ስተርንስ ጉዳይ ነው። በ2008ቱ የሀልክ ፊልም መጨረሻ አካባቢ ይህ ሳይንቲስት ተጎድቶ ወድቋል። ሀልክ የሚሆነው የብሩስ ባነር ደም ግንባሩ ላይ ባለው ቁስል ላይ ጠብ ይላል። ጭንቅላቱ ማበጥ ይጀምራል። እሱም ፈገግ ይላል። ከዚያ ፊልሙ ይተወዋል። የት ደረሰ? ኮሚኩ በ2012 መልስ ሰጠ፤ ብላክ ዊዶው ደረሰችበትና በሺልድ እጅ ወደቀ። ፊልም ብቻ የሚያይ ሰው ግን ስተርንስን በድጋሚ ለማየት እስከ 2025 ጠበቀ። 17 ዓመት ማለት ነው። ሰውዬው በአራተኛው የካፒቴን አሜሪካ ፊልም ላይ ሲመለስ፣ ለዓመታት በምስጢር አስሮ ያቆየው በ2008ቱ ፊልም ሀልክን ሲያሳድድ የነበረው ጄኔራል ሮስ እንደነበር ተነገረን። ኮሚኩ የተወው ዱካ ሳይሰረዝ ሌላ ምዕራፍ ተጨመረበት ማለት ይቻላል።

ሁሉም ቅድመ ፊልም ኮሚክ ቡድን አይመሠርትም። አንዳንዱ አንዲት ቀዳዳ ብቻ ይደፍናል። በመጀመሪያው የቶር ፊልም መጨረሻ ዓለማትን የሚያገናኘው ድልድይ ይፈርሳል። ቶር ወደ ምድር የሚመጣበት መንገድ የለም። በአቬንጀርስ ላይ ግን ዱብ ይላል። ፊልሙ በሎኪ አንድ ዓረፍተ ነገር አልፎታል፤ አባታችን አንተን እዚህ ለማድረስ ምን ያህል የጨለማ ኃይል አወጣ ዓይነት ነገር ነው። በ2013፣ ከሁለተኛው የቶር ፊልም በፊት የወጣው ኮሚክ ያን ዓረፍተ ነገር ዘርዝሮ አሳየው። በዚያው ዓመት የወጣው የሱፐርማን ፊልም «ማን ኦፍ ስቲል»ም እንዲህ ያለ ነገር አለው። ጥንታዊው መርከብ ውስጥ አንድ ማደሪያ ተከፍቶ ባዶውን ይታያል። ፊልሙ ምንም አይልም። ማን ወጣ? ኮሚኩን ያነበበ ይገምታል፤ የመርከቡ አዛዥ ካራ ዞር ኤል ሳትሆን አትቀርም።

እዚህ ላይ አንድ ማስጠንቀቂያ። ሽፋኑ ላይ «ፕሪሉድ» የሚል ስላያችሁ ብቻ አዲስ ታሪክ አለ ብላችሁ አትግዙ። የ«ሲቪል ዋር» ፕሪሉድ ያደረገው ሦስተኛውን አይረን ማን እና ሁለተኛውን ካፒቴን አሜሪካ በሥዕል መድገም ነው። የ«አንት ማን እና ዋስፕ»ም የመጀመሪያውን አንት ማን መልሶ ይተርካል። ፊልሞቹን ላላየ ሰው ክለሳ ነው፣ ይጠቅማል። ላየ ሰው ግን ያው ፊልሙ ነው፣ ያውም ድምፅና እንቅስቃሴው ተቀንሶ። ከመግዛት በፊት የጥቂት ገጽ ናሙና ማየት ከብስጭት ያድናል።

አሠራሩም የራሱ ፈተና አለው። አንድ ሠዓሊ አንድ እትም በእርሳስ ነድፎ ለመጨረስ አንድ ወር ገደማ ይፈልጋል። ከዚያ መስመሩን በጥቁር ቀለም የሚያደምቀው፣ ቀለም የሚቀባው፣ ንግግሩን የሚጽፈው ይቀጥላል። ስለዚህ የኮሚኩ ሥራ የሚጀመረው ፊልሙ ገና ሳያልቅ ነው። ደራሲው በእጁ ያለው ስክሪፕትና ጥቂት ፎቶ ነው። ፊልሙ ደግሞ እስከ መጨረሻዋ ቀን ሊቆረጥ፣ ሊቀየር ይችላል።

የዚህ ምርጡ ማሳያ ከሱፐርሂሮ ዓለም ውጪ ነው። «ስታር ዋርስ» በግንቦት 1977 ሲኒማ ቤት ገባ። የኮሚኩ የመጀመሪያ እትም ግን በሚያዝያ ለሽያጭ ቀርቦ ነበር። ቅድመ ታሪክ ሳይሆን ፊልሙን ራሱን የሚተርክ ነው፣ የተሠራበት መንገድ ግን አንድ ነው። ሠዓሊው ጃባ የሚባለውን ወንጀለኛ ምን እንደሚመስል አላየውም። በሁለት እግሩ የቆመ፣ ፊቱ የባሕር አውሬ የመሰለ ቀጭን ፍጡር አድርጎ ሣለው። የጃባ ትዕይንት ከፊልሙ ተቆርጦ ወጣ። በ1983 ጃባ በፊልም ሲመጣ ግዙፍ ቀንድ አውጣ የመሰለ ሆኖ አረፈው። በኮሚኩ ላይ ግን ያው ቀጭኑ ጃባ እስከ ዛሬ ቆሟል። እኔ ይህን እንደ ስሕተት አላየውም። ሥራው ገና ሐሳብ ሳለ ምን ይመስል እንደነበር ያቆየልን ሰነድ ነው።

ታዲያ ኮሚኩ የሚለው እውነት ተብሎ ይያዛል? አድናቂዎች «ካነን ነው ወይ?» የሚሉት ይህንን ነው። የታሪኩ ሕጋዊ አካል ነው ወይ እንደማለት ነው። በተግባር የማየው ሕግ አንድ ነው፤ ፊልሙ ወይም ተከታታይ ድራማው እስካልተቃረነው ድረስ ይኖራል፣ ከተቃረነው ይወድቃል። ከ2009ኙ የ«ስታር ትሬክ» ፊልም በፊት የወጣው «ካውንትዳውን» ኮሚክ የክፉውን ሰው የኔሮን ቁጭት በደንብ አስረድቷል። መርከቡ ለምን ያን ያህል አስፈሪ እንደሆነም ነግሮናል። በዚያው ኮሚክ ዴታ የተባለው ሮቦት በሕይወት አለ፣ የመርከብ አዛዥም ሆኗል። በ2020 በጀመረው ተከታታይ ድራማ ላይ ግን ዴታ ከሞተ ቆይቷል። ኮሚኩን የወደዱ ሰዎች አዘኑ። ሐዘናቸው ይገባኛል። ግን ፊልም ሠሪው በሚሊዮን የሚቆጠር ተመልካች ይዞ፣ ጥቂቶች ባነበቡት ኮሚክ እንዲታሰር መጠበቅ አይቻልም። ከዚህም የተነሳ ጥሩ ፊልም ያለ ኮሚኩ መቆም አለበት። ኮሚኩን ካላነበባችሁ አይገባችሁም የሚል ፊልም ሥራውን አልጨረሰም።

መቼ ይነበብ? አሳታሚው «ከፊልሙ በፊት» ይላል፣ መሸጥ የሚፈልገው ያኔ ነውና። እኔ ግን ፊልሙን አንዴ ካያችሁ በኋላ አንብቡት እላለሁ። ፊልሙ የተወላችሁ ጥያቄ ሲኖር ነው መልሱ የሚጣፍጠው። የፊዩሪን ሳምንት አንብባችሁ ስትጨርሱ ደግሞ ሁለተኛውን አይረን ማን እንደገና ክፈቱና ወደ መጨረሻው ሂዱ። ፊዩሪና ስታርክ ቁጭ ብለው የሚነጋገሩበት ትዕይንት አለ። ስለ አቬንጀርስ ነው የሚያወሩት። በመጀመሪያው ጊዜ ሁለቱን ብቻ ነው የምታዩት። አሁን በዙሪያቸው ያሉትን ስክሪኖች ተመልከቱ። በአንዱ ላይ ዜና እየተላለፈ ነው፤ ሀልክ ዩኒቨርሲቲው ግቢ ውስጥ ከጦሩ ጋር ያደረገው ውጊያ ነው።