የደጃዝማች ተፈሪ ሐረር

ሐረር ጀጎል ውስጥ «የራስ ተፈሪ ቤት» የሚባለው ሕንፃ ስሙ ትንሽ ያሳስታል። ሰውየው ሐረር ተቀምጠው ሲገዙ ገና ደጃዝማች ነበሩ፤ ራስነቱ በ1909 ዓ.ም. ከአልጋ ወራሽነቱ ጋር የመጣ ነው።

ተፈሪ መኮንን፣ በኋላ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ፣ ሐምሌ 16 ቀን 1884 ዓ.ም. ከሐረር ወጣ ብላ በምትገኘው ኤጀርሳ ጎሮ ተወለዱ። አባታቸው ራስ መኮንን ከጨለንቆ ጦርነት (ጥር 1879) በኋላ ሐረርን የያዙ ናቸው። እናታቸው ወይዘሮ የሺእመቤት ዓሊ ልጃቸው ሁለት ዓመት ሳይሞላው አረፉ።

ራስ መኮንን ልጃቸውን ለሁለት ዓለም ነው ያሳደጉት። ልጁ በካህናት እጅ ፊደል ቆጥሮ ዳዊት ደገመ፤ ፈረንሳይኛውን ደግሞ ከጓድሎፕ የመጣው ሐኪም ቪታሊየንና በካቶሊኮቹ የካፑቺን ሚሲዮን የተማሩት አባ ሳሙኤል ወልደ ካሂን አስተማሩት። በ1895 ባቡሩ ከጅቡቲ ደረሰ፤ ዳገቱ ስለከበደው ግን ሐረርን ትቶ ቆላው ላይ ቆመ። ድሬዳዋ የምትባለው ከተማ እንዲህ ተፈጠረች፤ የሐረር ግንብ አምስቱ በሮች ንግድም እየሳሳ ሄደ።

በ1898 ተፈሪ በ13 ዓመታቸው ደጃዝማች ተባሉ። መጋቢት ላይ አባታቸው ቁልቢ ላይ ሞቱ። ሐረር ግን ለልጅየው አልተሰጠችም፤ ምኒልክ ለታላቅ ወንድማቸው ለደጃዝማች ይልማ ሰጧት፤ ቀጥሎም ደጃዝማች ባልቻ ገዟት። ተፈሪ የአባታቸውን ወንበር ያገኙት በ1902 ነው፤ ገና 18 አልሞላቸውም። በማግሥቱ ዓመት የአቤቶ ኢያሱን (የምኒልክ የልጅ ልጅና ወራሽ) የእህት ልጅ፣ ወይዘሮ መነንን አገቡ።

ግንቦት 30 ቀን 1907 ሐሮማያ ሐይቅ ላይ የተሳፈሩባት ጀልባ ሰጠመች። እሳቸው ተረፉ፤ አባ ሳሙኤል ሰጥመው ቀሩ። ፈረንሳይኛ ያስተማሩት፣ ከልጅነት ጀምሮ አጠገባቸው የነበሩት ሰው ማለት ነው። ሐይቁም ራሱ በኋላ ዘመን ደርቆ ነበር።

ነሐሴ 1908 ኢያሱ ተፈሪን ከሐረር አንስተው ከፋን ሰጧቸው። ተፈሪ ግን ከአዲስ አበባ አልወጡም። መስከረም 17 ቀን 1909 ኢያሱ ከሥልጣን ሲወርዱ ራሳቸው የት ነበሩ? ሐረር።

ቤቱ ዛሬ የሸሪፍ ሙዚየም ነው። የሕንድ እጅ ያለበት የእንጨት ሥራው አሁንም ይታያል፤ ውስጡ የሐረር ጸሐፍት በእጃቸው የገለበጧቸው ቁርዓኖችና የከተማዋ አሚሮች ያስመቷቸው ሳንቲሞች ተቀምጠዋል።