የቴሌፓቲ ጥበብ፦ ከልብ ወለድ ሥልጣኔዎች እስከ አንጎል ሞገድ ሙዚቃ

የሳይንስ ልብ ወለድ ደራሲዎች አፋቸውን የማይከፍቱ ሕዝቦችን መፍጠር ይወዳሉ። እነዚህ ሕዝቦች የሚነጋገሩት በሐሳብ ብቻ፣ ማለትም በቴሌፓቲ ነው፤ ጥበባቸውም እንደዚያው። ሰዓሊው ሸራ አያስፈልገውም፣ ዘፋኙም ድምፅ አያወጣም። የተሰማውን ነገር በቀጥታ ታዳሚው ጭንቅላት ውስጥ ያስቀምጠዋል። ሲሰሙት ደስ ይላል፤ ግን ጣጣ አለው። ታዳሚው የሚሰማው ስሜት የራሱ ነው ወይስ የአርቲስቱ? ጎበዝ ደራሲ ለዚህ መላ ያበጃል፦ ከተወሰነ ርቀት በላይ አይሠራም፣ ታዳሚው መጀመሪያ መፍቀድ አለበት፣ ወይም ሐሳቡ መንገድ ላይ ይደበዝዛል። ምንም ገደብ ያልተበጀለት ግን ሁለተኛው ምዕራፍ ላይ ያሰለቻል።

በእውኑ ዓለም ሐሳብ ያለ መሣሪያ ከሰው ወደ ሰው እንደሚሄድ በሳይንስ አልተረጋገጠም። ይሁንና ለዚህ ምናብ በጣም የሚቀርበው ጥበብ፣ የአንጎል ሞገድ ሙዚቃ፣ መነሻው ቴሌፓቲን ከልቡ ያመነ አንድ ሰው ነው።

ሰውየው ጀርመናዊው ሀንስ በርገር ነው። በወጣትነቱ ውትድርና ላይ ሳለ ከፈረስ ወደቀና የመድፍ ጋሪ ሊጨፈልቀው ለጥቂት ተረፈ። በዚያው ቀን ከቤት ቴሌግራም መጣለት። እህቱ ወንድሟ ክፉ ነገር እንደገጠመው ተሰምቷት አባቷን ወትውታ ያስላከችው ነበር። በርገር ጭንቀቱ እህቱ ጋ መድረሱን አልተጠራጠረም። የሥነ ፈለክ ተመራማሪ የመሆን ሐሳቡን ትቶ ሕክምና ገባ። በ1924 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) የሰው አንጎል የሚያመነጨውን የኤሌክትሪክ ሞገድ ለመጀመሪያ ጊዜ መዘገበ። ያሳተመው ግን በ1929 ነው። ዛሬ ሐኪሞች ኢኢጂ የሚሉት ምርመራ የመጣው ከዚያ ነው። የፈለገውን ቴሌፓቲ ግን አላገኘም። ሞገዱ የሚለካው በማይክሮቮልት (በቮልት ሚሊዮንኛ ክፍል) ነው፤ ኤሌክትሮድ (ኤሌክትሪኩን የሚቀበል ትንሽ ብረት) ቆዳ ላይ ተለጥፎም እንኳ ብዙ ካልተጎላ አይታይም።

በርገር ከለያቸው ሞገዶች አንዱ አልፋ ይባላል። በሰከንድ ከ8 እስከ 13 ጊዜ ይመላለሳል። ሰው ዓይኑን ጨፍኖ ዘና ሲል ይጎላል፤ ዓይኑን ሲገልጥ ይዳከማል።

አሜሪካዊው የሙዚቃ ደራሲ አልቪን ሉሲየር በ1965 ብራንዳይስ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ የተጫወተው ይህን አልፋ ነው። መሣሪያውን ያገኘው ኤድመንድ ዲዋን ከተባለ የፊዚክስ ተመራማሪ ነበር። አቀራረቡ እንዲህ ነው። ተጫዋቹ ወንበር ላይ ይቀመጣል፣ ኤሌክትሮድ ይለጠፍበታል፣ ዓይኑን ይጨፍናል። ጆሯችን በሰከንድ ከ20 ገደማ በታች የሚርገበገብን ነገር ስለማይሰማ አልፋ እንዲሁ ቢለቀቅ ድምፅ የለውም። ሉሲየር ሞገዱን አጉልቶ ወደ ስፒከሮች ላከው፤ ስፒከሮቹን ደግሞ ከበሮ፣ ጎንግና ሲምባል ላይ አስጠጋቸው። የስፒከሩ ሽፋን ሲርገበገብ ከበሮው አብሮት ይንቀጠቀጣል። ተጫዋቹ ጣቱን ሳያንቀሳቅስ አዳራሹ በከበሮ ይናጋል።

የዚህ ሥራ ጉድ ያለው እዚህ ላይ ነው። ተጫዋቹ ካልተረጋጋ ሙዚቃው አይመጣም። አሁንስ መጣልኝ ብሎ ከተጨነቀ ሞገዱ ይከዳዋል። ልብ ወለዱ ሐሳብ ስለመላክ ያወራል፤ እዚህ ግን ከበሮውን የሚመታው ያለማሰብ ነው ማለት ይቻላል። እንደ እኔ ከዚያ ወዲህ ከመጡት ብዙዎቹ ሥራዎች ይሄኛው ይበልጣል፤ የመሣሪያውን ድክመት አልደበቀማ።

ከዚያ በኋላ የሙዚቃ ደራሲው ሪቻርድ ታይተልባም ሞገዱን ከሲንተሳይዘር (ድምፅን በኤሌክትሪክ ከሚፈጥር የሙዚቃ መሣሪያ) ጋር አገናኘ፤ ሌላው የሙዚቃ ደራሲ ዴቪድ ሮዘንቡም ደግሞ የብዙ ሰዎችን ሞገድ አንድ ላይ መጠቀም ሞከረ። ነገሩ በደንብ የተለወጠው ግን ኮምፒውተር ሲጨመርበት ነው። ብራዚላዊው የሙዚቃ ደራሲ ኤድዋርዶ ሚራንዳ እንግሊዝ አገር ፕሊማውዝ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ በሠራው ዘዴ ስክሪን ላይ በተለያየ ፍጥነት ብልጭ ድርግም የሚሉ ምስሎች ይቀርባሉ። ሰው አንዱን ትኩር ብሎ ሲያይ የማየት ሥራ ያለበት የአንጎል ክፍል በዚያው ፍጥነት ምላሽ ይሰጣል። ኮምፒውተሩ ይህን አንብቦ የትኛው እንደተመረጠ ያውቃል። ለምስሉ የተመደበው የዜማ ቁራጭ ወዲያው ቫዮሊን ተጫዋቹ ፊት ይደቀናል፤ እሱም ይጫወተዋል። በ2015 ከባድ የአካል ጉዳት ያለባቸው አራት ሰዎች በዚህ መንገድ ከአራት የገመድ መሣሪያ ተጫዋቾች ጋር አብረው ሙዚቃ ሠርተዋል።

ከአንጎል ወደ አንጎል መላክም ተሞክሯል። በ2013 በዋሽንግተን ዩኒቨርሲቲ አንድ ተመራማሪ እጁን እንደሚያንቀሳቅስ ሲያስብ፣ ሌላ ሕንፃ ውስጥ የተቀመጠው ባልደረባው እጅ ጭንቅላቱ ላይ በተሰጠ የማግኔት ምት ተንቀሳቀሰ። በ2014 ደግሞ አጭር የሰላምታ ቃል ከሕንድ ወደ ፈረንሳይ ተላከ። ተቀባዩ ቃሉን አልሰማም። የማግኔት ምቱ የፈጠረውን ብልጭታ ሲያይ አንድ፣ ካላየ ዜሮ እየተባለ ተለቀመ። በዚህ አካሄድ ሥዕል ልላክ ቢባል ታዳሚው እንቅልፍ ይወስደዋል።

የአንጎል ሙዚቃ ዝግጅት ለማየት የሚሄድ ሰው የተጫዋቹን ፊት ቢመለከት ጥሩ ነው። መንጋጋ መንከስና ዓይን ማርገብገብ የሚፈጥሩት ኤሌክትሪክ ከአንጎሉ ሞገድ በጣም ሊበልጥ ይችላል፤ ካልተጣራ ኤሌክትሮዱ አይለየውም። ግንባሩን እየቋጠረ ድምፅ የሚያወጣ ተጫዋች ካጋጠመ፣ የሚዘፍነው ጡንቻው ሊሆን ይችላል።